የጃንሆይ ምስልና የወሎ ገበሬ፦ አንድ ዘጋቢ ፊልም እንዴት ሁለት ታሪክ ተናገረ?

መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ምሽት የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አንድ ዘጋቢ ፊልም አሳየ። በፊልሙ በወሎ ረሃብ የተጎዱ ሕፃናት፣ እናቶችና አረጋውያን ይታያሉ። በየመካከሉ ደግሞ የቤተ መንግሥት ግብዣ፣ እንዲሁም ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ለውሾቻቸው ሥጋ ሲሰጡ የሚያሳዩ ምስሎች ይገባሉ። በማግስቱ መስከረም 2 ቀን ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው እንዲወርዱ የተወሰነበት አዋጅ ተነበበላቸው፤ ከቤተ መንግሥታቸውም በአንዲት አነስተኛ ቮልስዋገን መኪና ተወሰዱ።

ከዚያ ምሽት ወዲህ ግማሽ ምዕተ ዓመት አልፏል። የፊልሙ ቁርጥራጮች ግን ዛሬም በዘጋቢ ፊልሞች፣ በቴሌቪዥን ዝግጅቶችና በእጅ ስልኮች ላይ ይዘዋወራሉ። አንዱ ተመልካች ንጉሡን ለመውቀስ፣ ሌላው ደርግን ለመውቀስ ይጠቀምባቸዋል። በሁለቱም ወገን ብዙ ጊዜ የሚዘነጋው ግን በምስሉ መካከል ያለው ገበሬ ነው።

የፊልሙ ምስሎች ሐሰት አልነበሩም። ረሃቡም እውነት ነበር፤ ግብዣውም እውነት ነበር። ሁለቱን ጎን ለጎን ያቆማቸው ግን ካሜራ ሳይሆን መቀስ ነው። ይህን ልዩነት መረዳት የታሪክ ባለሙያዎች ሥራ ብቻ አይደለም፤ የቆየ ምስል በየቀኑ በስልኩ ለሚደርሰው ገበሬም ሆነ የከተማ ነዋሪ የሚጠቅም ዕውቀት ነው።

ካሜራን ቀድመው ያወቁ ንጉሥ

ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በዘመናቸው ከነበሩ የአፍሪካ መሪዎች ሁሉ ቀድመው በዓለም የፊልም መስኮት የታዩ መሪ ናቸው ቢባል ማጋነን አይሆንም። ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የተከናወነውን የንግሥ በዓላቸውን የውጭ አገር ጋዜጠኞችና የፊልም ባለሙያዎች ተገኝተው ዘግበውታል። በዚያ ዘመን ቴሌቪዥን አልነበረም። በአውሮፓና በአሜሪካ ሲኒማ ቤቶች ከዋናው ፊልም በፊት አጫጭር የዜና ፊልሞች ይታዩ ነበር፤ የንጉሡ ምስልም ወደ ውጭው ዓለም ሕዝብ የደረሰው በዚህ መንገድ ነው።

ሁለተኛውና ይበልጥ የሚታወቀው ምስል የጄኔቫው ነው። ፋሺስት ጣልያን አገሪቱን በወረረች ጊዜ ንጉሠ ነገሥቱ ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. በመንግሥታት ማኅበር ጉባኤ ፊት ቀርበው በአማርኛ አቤቱታቸውን አሰሙ። በአዳራሹ የነበሩ የጣልያን ጋዜጠኞች በፉጨትና በጩኸት ሊያውኳቸው ሞከሩ። ንጉሡ ሁከቱ እስኪበርድ በዝምታ ጠበቁ። የጉባኤው ፊልም በየአገሩ ሲታይ የብዙ ሰዎችን ልብ የነካው ከንግግሩ ቃላት እኩል ያ ዝምታ ነበር። ጉባኤው ኢትዮጵያን ባያድናትም ፊልሙ የንጉሡን መልክ የተበደለች አገር ምልክት አደረገው።

ከነጻነት በኋላም ይህ ቀጠለ። መስከረም 23 ቀን 1956 ዓ.ም. በተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ጠቅላላ ጉባኤ በኒውዮርክ ንግግር አደረጉ። በዚያው ዓመት ኅዳር 15 ቀን የአሜሪካው ፕሬዚዳንት ጆን ኤፍ ኬኔዲ ቀብር በቴሌቪዥን ሲተላለፍ ከፈረንሳዩ ፕሬዚዳንት ሻርል ደጎል ጋር በሰልፉ ግንባር ሲራመዱ ታዩ። ሚያዝያ 13 ቀን 1958 ዓ.ም. ጃማይካ ሲገቡ አውሮፕላናቸውን የከበበው እጅግ ብዙ ሕዝብ የሚታይበት ፊልምም ስለ ራስተፈሪያን በሚሠሩ ዘጋቢ ፊልሞች ውስጥ ዛሬም ይገኛል።

በአገር ውስጥም የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ የጀመረው በዘመናቸው፣ በ1957 ዓ.ም. ነው። የዕለቱ ዜና በአብዛኛው የሚከፈተው በንጉሠ ነገሥቱ ውሎ ነበር፦ ማንን እንደተቀበሉ፣ የትኛውን ትምህርት ቤት እንደመረቁ፣ የትኛውን ሆስፒታል እንደጎበኙ። በመንግሥት መገናኛ ብዙኃን ላይ የሚታየው ኢትዮጵያዊ ኑሮ ይህ ነበር። በዚያ መስኮት ያልታየ ነገር ለአዲስ አበባ ሰው እንዳልነበረ ይቆጠራል። የወሎ ረሃብ የደረሰውም እንዲህ ባለ ጊዜ ነው።

ካሜራ ከመድረሱ በፊት በወሎ ምን ሆነ?

ረሃብ በአንድ ቀን አይገባም። በወሎ የ1964 ዓ.ም. ክረምት ዝናብ በብዙ አካባቢዎች፣ በተለይም በቆላማውና በምሥራቁ ክፍል አጠረ። ቀጥሎ የመጣው የ1965 ዓ.ም. የበልግ ዝናብም ሳይጥል ቀረ። በልግ በሚታረስበት ደጋና ወይና ደጋ ለሚኖር ገበሬ ይህ ድርብ ጉዳት ነበር፤ የመኸሩን ጉድለት የሚሞላ ሌላ እህል አልተገኘም። በአዋሽ ሸለቆ ሰፋፊ የጥጥና የሸንኮራ አገዳ እርሻዎች በመስፋፋታቸው በድርቅ ጊዜ የሚሸሹበትን የግጦሽ መሬት ያጡት የአፋር አርብቶ አደሮችም ከብቶቻቸው አለቁባቸው።

ገበሬው በመጀመሪያ የቤቱን እህል ቆጠበ። ከዚያ በጉንና ፍየሉን ሸጠ። ቀጥሎ የወተት ላሙን፣ በመጨረሻም የእርሻ በሬውን ወደ ገበያ ነዳ። ሁሉም በአንድ ጊዜ ከብቱን ሲያወጣ የከብት ዋጋ ወደቀ፤ በአንድ በሬ የሚሸመተው እህልም እየቀነሰ ሄደ። በሬውን የሸጠ ገበሬ ዝናብ ቢመለስ እንኳ የሚያርስበት የለውም። ጭሰኛ የነበረው ደግሞ ከዚህ ሁሉ ላይ ለባለመሬቱ የሚከፍለው ግዴታ ነበረበት።

የኖቤል ተሸላሚው የምጣኔ ሀብት ሊቅ አማርትያ ሴን እ.ኤ.አ. በ1981 ባሳተሙት የድህነትና የረሃብ ጥናታቸው የወሎን ጉዳይ በስፋት መርምረዋል። የደረሱበት መደምደሚያ ብዙዎችን ያስገረመ ነው። በዚያ ዓመት በኢትዮጵያ በአጠቃላይ የነበረው የምግብ ምርት እጅግ አላሽቆለቆለም፤ በደሴ ገበያ የነበረው የእህል ዋጋም እንደሚጠበቀው አልናረም። ይልቁንም ከወሎ ወደ ሌሎች ከተሞች የሚወጣ እህል ነበር። ሰዎቹ የተራቡት በአገሩ እህል ስላልነበረ ሳይሆን የሚገዙበት አቅም ስላለቀ ነው ይላሉ ሴን። ምርቱም ከብቱም ያለቀበት ገበሬ ገበያ ውስጥ ቆሞ ይራባል ማለት ነው።

ምልክቶቹ ስውር አልነበሩም። በ1965 ዓ.ም. መጀመሪያ ወራት ቀዬአቸውን የለቀቁ ከአንድ ሺህ በላይ ሰዎች በወሎ በኩል በሚያልፈው ዋና አውራ ጎዳና ዳር ተሰብስበው መኪና እያስቆሙ ምግብ ይለምኑ ነበር። በዚያው ዓመት የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ መምህራን ወደ ሥፍራው ተጉዘው ያነሷቸው ፎቶግራፎች በዩኒቨርሲቲው ታይተው ተማሪዎችን አስቆጡ። መንግሥት ግን ጉዳዩ በይፋ እንዲነገር አልፈለገም። በአገሪቱ የሚሠሩ ዓለም አቀፍ ድርጅቶችም የመንግሥትን ፊት እያዩ አብዛኛውን ጊዜ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ቆዩ። በሰው ላይ የደረሰው ጉዳት ግምት ይለያያል፤ ከ40 ሺህ እስከ 200 ሺህ የሚደርስ ሕዝብ እንዳለቀ የተለያዩ ጸሐፊዎች ገልጸዋል።

ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም.

በዚህ ዝምታ መካከል ነበር የ29 ዓመቱ እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ከፊልም ባልደረቦቹ ጋር ወሎ የደረሰው። የሠራው ዘጋቢ ፊልም «ያልታወቀው ረሃብ» የሚል ትርጉም ያለው ርእስ ነበረው። ፊልሙ ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. በብሪታንያ አይቲቪ የቴሌቪዥን ጣቢያ ሲታይ ተመልካቹ ደነገጠ። ለተጎጂዎች የሚውል የእርዳታ ገንዘብ በብዛት ተሰበሰበ፤ ፊልሙም በሌሎች አገሮች ታየ። የኢትዮጵያ መንግሥት ከዚያ በኋላ ረሃቡን መካድ አልቻለም። ንጉሠ ነገሥቱም ወደ ወሎ ተጉዘው የተጎዱትን ጎበኙ።

የዚህ የመጀመሪያው ፊልም ትኩረት ረሃብተኛው ነበር። በመጠለያ የተኮለኮሉ ሰዎችን፣ የሚጠብቁትን እህልና የሚደርስባቸውን በሽታ ያሳያል። ዓላማውም ግልጽ ነበር፤ ያላወቀው ዓለም እንዲያውቅ፣ ያወቀውም እጁን እንዲዘረጋ።

ዓመቱ ግን ሌላም ነገር ይዞ መጣ። በ1966 ዓ.ም. ጥርና የካቲት ወራት የወታደሮች አመፅ፣ የመምህራንና የታክሲ ነጂዎች አድማ፣ የተማሪዎች ሰልፍ ተከታተሉ። የጠቅላይ ሚኒስትር አክሊሉ ሀብተ ወልድ ካቢኔ ሥልጣን ለቀቀ። የባለሥልጣናትን ጥፋት የሚመረምር ኮሚሽን ተቋቋመ፤ የረሃቡ መደበቅም ከምርመራው ጉዳዮች አንዱ ሆነ። ደርግ ቀስ በቀስ ሥልጣኑን እየጠቀለለ መጥቶ ንጉሡን ለማውረድ ሲዘጋጅ የመረጠው መሣሪያ ያንኑ የእንግሊዛዊውን ፊልም ነበር።

መቀሱ የሠራው ሥራ

በመስከረም 1 ቀን የታየው ፊልም የመጀመሪያው ቅጂ አልነበረም። የወሎ ምስሎች እንዳሉ ሆነው በየመካከላቸው ከሌላ ጊዜና ከሌላ ቦታ የተገኙ የቤተ መንግሥት ምስሎች ተጨመሩባቸው። የአዲስ አበባ ነዋሪ ፊልሙን እንዲመለከት አስቀድሞ ተነግሮታል። ንጉሠ ነገሥቱም በቤተ መንግሥታቸው ሆነው እንዲያዩት መደረጉን ስለ ዘመኑ የተጻፉ መጻሕፍት ያወሳሉ።

የቅንብር ኃይል ምን ያህል እንደሆነ ለመረዳት አንድ የቆየ ሙከራ ይጠቅማል። ከመቶ ዓመት በፊት ገደማ ሌቭ ኩሌሾቭ የተባለ የሩስያ የፊልም ባለሙያ የአንድን ተዋናይ ፊት ያሳየ አንድ ምስል ወሰደ። ያንኑ ምስል መጀመሪያ ከሾርባ ሳሕን፣ ቀጥሎ ከሬሳ ሣጥን፣ ከዚያም ከሌላ ምስል ጋር አጣበቀው። ተመልካቾች በመጀመሪያው ፊቱ ላይ ረሃብ አየን፣ በሁለተኛው ኀዘን አየን አሉ። ፊቱ ግን አንድ ነበር፤ የተለወጠው ጎረቤቱ ብቻ ነው።

በመስከረም 1 ቀኑ ፊልምም የሆነው ይኸው ነው። ንጉሥ ውሻውን ሲመግብ የሚያሳይ ምስል ለብቻው ቢታይ የአንድ አዛውንት የዕለት ልማድ ነው። ከተራበ ሕፃን ምስል ቀጥሎ ሲመጣ ክስ ይሆናል። ከዚያ አልፎ ተመልካቹ ሁለቱ በአንድ ሰዓት የተፈጸሙ፣ ንጉሡም ሕፃኑን እያዩ ውሻ የሚመግቡ ያህል ይሰማዋል።

ይህ ማለት ግን ክሱ መሠረት አልነበረውም ማለት አይደለም። ረሃቡ ተደብቋል፤ በተደበቀባቸው ወራትም ሰው ሞቷል። ሐምሌ 16 ቀን 1964 ዓ.ም. የንጉሡ 80ኛ የልደት በዓል በድምቀት ሲከበር ያ ክረምት በወሎ ዝናብ ያጠረበት ክረምት መሆኑ በታሪክ የተመዘገበ ነው። ጥያቄው መጠየቅ ያለበት ነበር። ፊልሙ ግን ጥያቄውን አንሥቶ መልሱን ራሱ ሰጠ፤ ማን ምን እንዳወቀ፣ መቼ እንዳወቀ፣ ማን እንደደበቀ በማስረጃ የሚለይበትን ቦታ ስሜት ወሰደው።

ውጤቱም ቆይቶ ታየ። የምርመራው ሥራ ገና ሳይቋጭ ኅዳር 14 ቀን 1967 ዓ.ም. 60 የሚሆኑ የቀድሞ ባለሥልጣናትና መኮንኖች ያለ ፍርድ ተገደሉ። ንጉሠ ነገሥቱም በእስር እንዳሉ ነሐሴ 21 ቀን 1967 ዓ.ም. ሕይወታቸው አለፈ። ረሃቡ ለምን እንደተደበቀ በፍርድ አደባባይ ቃላቸውን ሊሰጡ የሚችሉ ሰዎች አፍ በዚህ መንገድ ተዘጋ። ትልቁን ኪሣራ የተሸከመው ዘመዱን ያጣውና «ማን ነው ተጠያቂው?» ብሎ የመጠየቅ መብት የነበረው የወሎ ሕዝብ ነው።

ሌላም የሚያሳዝን ነገር አለ። በወቅቱ የቴሌቪዥን ስርጭት በአመዛኙ በአዲስ አበባና በአካባቢዋ የተወሰነ ነበር። ምስሉ መንግሥት የለወጠበት የወሎ ገበሬ ያን ምሽት ራሱን በቴሌቪዥን አላየም። ስለ እርሱ ለሌላ ሰው ተነገረ እንጂ እርሱ አልተናገረም።

ወቃሹ ሲወቀስ

ደርግ ከዚህ ታሪክ አንዳንድ ትምህርት መውሰዱ አይካድም። የእርዳታ ማስተባበሪያና ማቋቋሚያ ኮሚሽን በ1966 ዓ.ም. ተቋቁሞ ነበር፤ ከጥቂት ዓመታት በኋላም የቅድመ ማስጠንቀቂያ ሥርዓት ተዘረጋ። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የታወጀው የገጠር መሬት አዋጅ ጭሰኝነትን አስቀረ።

ነገር ግን አሥር ዓመት ሳይሞላ ያው ታሪክ በሌላ መልክ ተመለሰ። በ1976 ዓ.ም. የኮሚሽኑ ኃላፊዎች ብዙ ሕዝብ ለረሃብ መጋለጡን ገልጸው የእርዳታ ጥሪ አሰምተው ነበር። መንግሥት ግን ትኩረቱን መስከረም 2 ቀን 1977 ዓ.ም. በሚከበረው የአብዮቱ 10ኛ ዓመት በዓልና በኢሠፓ ምሥረታ ላይ አደረገ። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን መደበኛ የቀለም ስርጭት የጀመረውም በዚያ በዓል ምክንያት ነው። የውጭ ጋዜጠኞች ወደ ሰሜን የሚጓዙበት ፈቃድ ተገደበ። በዋና ከተማዋ አደባባይ ሰልፉ በቀለም ሲታይ በኮረም መጠለያ ሰው በየሌሊቱ ይሞት ነበር።

ዓለም ያንን ያወቀው በዓሉ ካለፈ በኋላ፣ ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. የቢቢሲው ጋዜጠኛ ማይክል በርክና ኬንያዊው የካሜራ ባለሙያ መሐመድ አሚን ከኮረም ያቀረቡት ዘገባ ሲተላለፍ ነው። ከዚያ በኋላ የተሠሩ ብዙ ዘጋቢ ፊልሞች የበዓሉን ሰልፍና የመጠለያውን ምስል ጎን ለጎን አቆሙ። ደርግ በንጉሡ ላይ የተጠቀመበት ቅንብር በራሱ ላይ ተሠራበት። ኮሎኔል መንግሥቱ ኃይለ ማርያም ግንቦት 13 ቀን 1983 ዓ.ም. አገር ጥለው ከወጡ ወዲህም በዘጋቢ ፊልሞች በተደጋጋሚ ከሚታዩት ምስሎቻቸው መካከል የዚያ በዓል ምስሎች ይገኙበታል።

ሁለቱ መንግሥታት በርእዮተ ዓለም አይገናኙም። በአንድ ነገር ግን ተመሳሰሉ፤ ሁለቱም የአገር ገጽታ በረሃብ ዜና እንዳይጎድፍ ሲሉ ዜናውን አዘገዩ። ሁለቱም በመጨረሻ የተገለጡት በውጭ አገር ካሜራ ነው።

ሦስተኛው ዙር፦ ትውስታ

ከ1983 ዓ.ም. በኋላ የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ምስል እንደገና መልኩን ለወጠ። አፅማቸው በቀድሞው ቤተ መንግሥት ግቢ ከተቀበረበት ወጥቶ ጥቅምት 26 ቀን 1993 ዓ.ም. በመንበረ ጸባኦት ቅድስት ሥላሴ ካቴድራል በክብር ሲያርፍ የዓለም የዜና ካሜራዎች ተገኝተው ነበር። እ.ኤ.አ. በ2009 ኢትዮጵያዊው የፊልም ባለሙያ የማነ ደምሴ ያዘጋጀው ዘጋቢ ፊልም የንጉሡን ዘመን በቅርብ በሚያውቋቸው ሰዎች አንደበት አቀረበ። እ.ኤ.አ. በ2014 ደግሞ የብሪቲሽ ፓቴ ቤተ መዛግብት 85 ሺህ ያህል የቆዩ ፊልሞቹን በዩቲዩብ ለሕዝብ ከፈተ። የንግሥ በዓሉም፣ የስደቱም፣ የጉብኝቶቹም ምስሎች ከዚያ ወዲህ ማንኛውም ሰው በስልኩ የሚያገኛቸው ሆኑ።

ይህ መልካም ነው፤ አዲስ ችግርም አምጥቷል። ቀድሞ መቀሱ በመንግሥትና በጥቂት ጣቢያዎች እጅ ነበር። ዛሬ በእያንዳንዱ ስልክ ውስጥ አለ። ማንኛውም ሰው የ1923ቱን ንግሥ ከ1966ቱ ረሃብ፣ የ1977ቱን ረሃብ ከጃማይካው አቀባበል ጋር ቀጥሎ፣ መሰንቆ ወይም ዋሽንት ጨምሮበት በደቂቃዎች ውስጥ ሊያሰራጭ ይችላል። ንጉሡን አምላኪ የሚያደርግ ቅንብር እንዳለ ሁሉ ጨካኝ የሚያደርጋቸውም አለ። ምስሎቹ ግን ብዙ ጊዜ ተመሳሳይ ናቸው።

የቆየ ምስል ሲደርስ ምን መጠየቅ ይገባል?

አንደኛ፣ ዘመኑ በየትኛው አቆጣጠር ነው? በአገራችንና በአውሮፓ አቆጣጠር መካከል ያለው የሰባትና የስምንት ዓመት ልዩነት በቀላሉ ያሳስታል። «1966» ተብሎ የተጻፈበት ምስል በእኛ አቆጣጠር የወሎ ረሃብና የአብዮቱ ዓመት ነው። በአውሮፓ አቆጣጠር ግን ንጉሡ ጃማይካ የገቡበት ዓመት ነው። ጽሑፉን ሳይመረምር ሁለቱን ያገናኘ ሰው ሕዝብ ሲራብ ንጉሡ በባሕር ማዶ ሲሸኙና ሲቀበሉ ነበር ብሎ የሌለ ታሪክ ይፈጥራል።

ሁለተኛ፣ ቦታው የት ነው? የ1966ቱና የ1977ቱ ረሃብ ምስሎች መልክአ ምድራቸው፣ መጠለያቸውና የሰው አለባበስ ስለሚመሳሰል አንዱ በሌላው ስም ሊቀርብ ይችላል። ምስሉን መጀመሪያ ያነሳው ማን እንደሆነ መፈለግ ብዙውን ጊዜ መልሱን ይሰጣል።

ሦስተኛ፣ ድምፁ የማን ነው? ከቆዩት የዜና ፊልሞች ብዙዎቹ ድምፅ የላቸውም። የሚሰማው ሙዚቃና ትረካ በኋላ የተጨመረ ከሆነ ኀዘኑም ሆነ ኩራቱ የመጣው ከምስሉ ሳይሆን ከተጨመረው ድምፅ ሊሆን ይችላል። ድምፁን ዘግቶ አንድ ጊዜ ደግሞ ማየት ቀላል ፈተና ነው።

አራተኛ፣ ምስሉ ከምን ቀጥሎ መጣ? ሁለት ምስሎች በመከታተላቸው ብቻ በአንድ ቀን የሆኑ ነገሮች አይደሉም። በመካከላቸው ወራት፣ አንዳንዴም ዓመታት ሊኖሩ ይችላሉ።

አምስተኛና ዋናው፣ በምስሉ ውስጥ እየታየ የማይናገረው ማን ነው? በወሎ ፊልሞች ውስጥ የምናያቸው እናቶችና አባቶች በአብዛኛው ስም የላቸውም። ስንት ቃዳ መሬት ነበራቸው፣ በሬያቸውን ለማን በስንት ሸጡ፣ ከየት ቀበሌ ተነሥተው ስንት ቀን ተጓዙ የሚለው አልተነገረም። የንጉሡ ስም በሁሉም ፊልም ይጠራል፤ የገበሬው ስም ግን የለም።

ካሜራ የሚደርሰው መጨረሻ ላይ ነው

ከዚህ ሁሉ ለገበሬውና ለከተማ ነዋሪው የሚቀር አንድ ተግባራዊ ነገር አለ። የረሃብ ፊልም የሚነሣው ረሃቡ ካበቃለት በኋላ ነው። አጥንቱ የወጣ ሕፃን በካሜራ ፊት ሲቀመጥ በልጉ ከቀረ፣ በሬው ከተሸጠ፣ ቤቱ ከተዘጋ ወራት አልፈዋል። የሚያስጨንቀው ምስል መምጣት ያለበት ማስጠንቀቂያ ሳይሆን የማስጠንቀቂያ መክሸፍ ማስረጃ ነው።

እውነተኞቹ ምልክቶች ለፊልም አይማርኩም፤ ገበሬ ግን ከማንም ቀድሞ ያያቸዋል። የበልግ ዘር በወቅቱ አለመዘራቱ፣ በገበያ የሚወጣው የከብት ብዛት በድንገት መጨመሩና ዋጋው መውደቁ፣ በአንድ ፍየል ይገኝ የነበረው እህል ማነሱ፣ ለዘር የተቀመጠ እህል መበላቱ፣ የእርሻ በሬ ያለጊዜው መሸጡ፣ ወጣቶች ከተለመደው ወቅት ውጪ ለጉልበት ሥራ መሰደዳቸው የ1965 ዓ.ም. ወሎ ያሳየቻቸው ምልክቶች ናቸው። እነዚህን ለቀበሌው የግብርና ባለሙያና ለወረዳው ጽሕፈት ቤት በጊዜ ማሳወቅ፣ መልስ ሲታጣም ለአካባቢው ሬዲዮና ለመገናኛ ብዙኃን መናገር ስም ማጥፋት አይደለም። የከተማ ነዋሪውም የእህል ዋጋ ስላልናረ ብቻ በገጠር ጥጋብ ነው ብሎ እንዳይደመድም የደሴ ገበያ ታሪክ ያስጠነቅቀዋል።

በወሎና በአጎራባች አካባቢዎች ያን ዘመን በዐይናቸው ያዩ አዛውንት ዛሬም አሉ፤ ቁጥራቸው ግን በየዓመቱ ይቀንሳል። ልጆቻቸውና የልጅ ልጆቻቸው በያዙት ስልክ የአባቶቻቸውን ቃል፣ ከነስማቸው፣ ከነቀያቸውና ከነዘመኑ ቢቀርጹት ግማሽ ምዕተ ዓመት ሙሉ ሲጎድል የቆየው የፊልሙ ክፍል ይሟላል። ስለ ጃንሆይ የሚናገሩ ፊልሞች ሞልተዋል። በሬውን ሸጦ በአውራ ጎዳናው ዳር የቆመው ገበሬ ራሱ የሚናገርበት ግን ገና ብዙ አልተሠራም።